ስድስት ፊደል

 

ዛሬ የምናነበው ቃል አጭር ነው። እስቲ ደብተራችሁን ዘርጉና በእርሳስ ጻፉት። መ፣ ሬ፣ ት። ትንሽ ክፍት ቦታ ተዉ። ላ፣ ራ፣ ሹ። አሁን አንድ ላይ አንብቡት፦ መሬት ላራሹ። ስድስት ፊደል ብቻ ነው። ስድስቱንም ታውቋቸዋላችሁ።

ቃሉን ግን ፊደል ከመቁጠራችሁ በፊት በጆሮ ታውቁታላችሁ። የሸመገላችሁት በጊዜው ሰምታችሁታል፤ ወጣቶቹ ከአባቶቻችሁ አፍ ሰምታችሁታል። ንጉሡ አለፉ፣ ደርግም አለፈ። ቃሉን ያሰሙት ልጆች ዛሬ አርጅተዋል፤ ብዙዎቹም በሕይወት የሉም። ቃሉ ግን አለ። ለምን አልሞተም? ስናነበውስ ምን ብለን እንጠይቀው? የዛሬው ንግግሬ ስለዚህ ነው።

መጀመሪያ ታሪኩን ላውጋችሁ። ጊዜው የካቲት 1957 ዓ.ም. ነው። አዲስ አበባ ያሉ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች "መሬት ላራሹ" እያሉ ወደ ፓርላማው ሰልፍ ወጡ። በዚያን ዘመን፣ ይበልጡን በደቡብ አገራችን፣ ጭሰኛው የሰው መሬት እያረሰ ከምርቱ ሲሶውን፣ አንዳንዱም እኩሌታውን ለባለመሬቱ ይሰጥ ነበር። ባለመሬቱ "ልቀቅ" ካለው ይለቅ ነበር። ከባለመሬቶቹ ብዙዎቹ ደግሞ መኳንንትና ሹማምንት ነበሩ። ታዲያ ይህን ቃል በንጉሡ ከተማ፣ በጠራራ ፀሐይ መጮህ ድፍረት አይደለም ትላላችሁ?

ሐሳቡን የፈጠሩት እነዚያ ተማሪዎች ብቻ አይደሉም። ከእነሱ በፊት በቻይና ሱን ያት ሰን የተባሉ መሪ፣ በሜክሲኮም ከኤሚሊያኖ ሳፓታ ጋር የተነሡ ገበሬዎች ተመሳሳይ ነገር ብለዋል። አማርኛው ግን አሳጠረው። በጽሑፍ "ለአራሹ" ብንል አንድ ፊደል ይጨምራል፤ አፋችን ግን "ለ"ን እና "አ"ን አጋጥሞ "ላ" ይላል። እየሄዱም፣ እየሮጡም ሊሉት ይመቻል።

ደግሞ ልብ በሉ፤ የጎደለው ነገር አለ። "ይሰጥ" አይልም። "ይሁን" አይልም። ማን ነው የሚሰጠው? በነጻ ነው ወይስ በዋጋ? ያገኘው ሰው ለልጁ ያወርሰዋል? ሲቸግረው ይሸጠዋል? ቃሉ ዝም ይላል። የጎደለውን የሚሞላው ሰሚው ነው። ጭሰኛው በራሱ ሐሳብ ሞላው፣ ተማሪው በራሱ ሞላው፣ ኋላም መንግሥት በራሱ ሞላው። እንደኔ እንደኔ ለቃሉ ረጅም ዕድሜ የሰጠው ይኸው ዝምታው ነው። እኛ ደግሞ የዋሸራ፣ የዲማና የደብረ ኤልያስ አገር ሰዎች ነን፤ ሰሙን ሰምቶ ወርቁን መፈለግ ለጎጃም ሰው ማን ያስተምረዋል?

ሌላው መፈክር ሁሉ ግን እንዲህ ዕድለኛ አይደለም። በ1966 ዓ.ም. አብዮቱ ሲመጣ "ያለ ምንም ደም" ተብሎ ነበር። ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. 60 የሚሆኑ ሹማምንትና መኮንኖች ያለ ፍርድ ተገደሉ። ያም ቃል እስከ ዛሬ ይታወሳል፤ የሚታወሰው ግን ስለ ፈረሰ ነው።

ወደ መሬታችን እንመለስ። በእኛ በጎጃም ነገሩ ወዲያና ወዲህ ነበር። እዚህ ብዙው ገበሬ ባለርስት ነው። ከአያት ከቅድመ አያት በዘር እየቆጠረ መሬቱን ያርስ ነበር። በ1960 ዓ.ም. መንግሥት አዲስ የእርሻ ገቢ ግብር ሲያመጣ "ርስታችን ተለክቶ ሊነጠቅ ነው" ብሎ የሞጣ፣ የቢቸና፣ የዳሞት ገበሬ ተነሣ። ጦር ተላከበት፤ አውሮፕላንም ተላከበት። በመጨረሻ ግብሩ ቀረ፤ ጠቅላይ ገዥው ደጃዝማች ፀሐዩ እንቁሥላሴም ከጎጃም ተነሡ። የዚያ ገበሬ ጥያቄ "መሬት ላራሹ" አልነበረም፤ "መሬቴን አትንኩብኝ" ነበር።

እዚያው ጎረቤቱ ግን ርስት የማይቆጠርለት ሰው ይኖር ነበር። ሸማኔው፣ ቀጥቃጩ፣ ሸክላ ሠሪዋ፣ ብዙ ጊዜም ሙስሊሙ ወገናችን። እነሱ ያንን ስድስት ፊደል ሲሰሙ የሚታያቸው ሌላ ነው።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 31 ወጣ። በአዲስ አበባ ሕዝቡ በደስታ አደባባይ ወጣ። ጭሰኝነት ቀረ። ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ማንም ሊያሳንሰው አይገባም። አሁን ግን እንደ አንባቢ ሆነን እንየው። የአዋጁ ርእስ መሬት ላራሹ አይልም። የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት እንዲሆን የወጣ ነው። አንድ ቤተሰብ እስከ 10 ሄክታር፣ ማለትም እስከ ሩብ ጋሻ፣ ሊያርስ ይችላል። ሊሸጠው፣ ሊያስይዘው፣ ሊያከራየው ግን አይችልም።

"ላራሹ" እና "የሕዝብ" አንድ ቃል ናቸው? አይደሉም። በሰልፍ መካከል ልዩነቱ አይሰማም። አዋጁን ቁጭ ብሎ ያነበበ ሰው ግን ያየዋል። ቆየት ብሎ ደግሞ ኮታ መጣ። ገበሬው እህሉን መንግሥት በቆረጠው ዋጋ ለእርሻ ሰብል ገበያ ድርጅት እንዲያስረክብ ተገደደ። ይህም እስከ 1982 ዓ.ም. ቆየ። መሬቱ ላራሹ ከሆነ እህሉስ ለማን ነው? ጤፉን ሲያስረክብ ይህን በሆዱ ያልጠየቀ ገበሬ ያለ አይመስለኝም።

በማስተምርበት የጎልማሶች ክፍል ይህን ቃል በሰሌዳ ላይ ስጽፍ አንዲት እናት እጃቸውን አነሡ። "መምህር፣ 'ላራሹ' እኮ ወንዱን ነው። እኔ ሞፈር ጨብጨ አላውቅም። አርማለሁ፣ አጭዳለሁ፣ እህሉን እሰበስባለሁ። እኔስ የት አለሁ?" አሉ። ክፍሉ ጸጥ አለ። ጥያቄው የሚገባ ነው። አዋጁ ጾታ ሳይለይ መሬት ይሰጥ ብሎ ነበር፤ መፈክሩ የዘለለውን እሱ ጽፎታል። መሬቱ ሲመዘገብ ግን ብዙ ጊዜ የሚጻፈው የባል ስም ነበር። ኋላ፣ በ1990ዎቹ በአማራ ክልል የመሬት ይዞታ ደብተር መስጠት ሲጀመር፣ የባልና የሚስት ስም አንድ ላይ እንዲጻፍ፣ ፎቶግራፋቸውም እንዲለጠፍ ተደረገ።

ያ ደብተር ምናልባት ከሳጥናችሁ ውስጥ ይኖራል። ዛሬ ማታ አውጡት። እጃችሁን ታጠቡ፤ ወረቀቱ እንዳይቆሽሽ ነው። መጀመሪያ ስማችሁን ፈልጉ። እናቶች፣ እናንተም የራሳችሁን ስም ፈልጉ፤ ባልዬው ያንብብልኝ አትበሉ። ቀጥሎ "ይዞታ" የሚለውን ቃል ፈልጉ። "ርስት" አይልም። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም፣ አይለወጥም ይላል። ገበሬው ግን መሬት በነጻ የማግኘትና ከይዞታው ያለመነቀል መብት አለው ይላል።

አሁን በደብተራችሁ ሦስት ቃላት ወደ ታች ጻፉ። ርስት። ላራሹ። ይዞታ። በእያንዳንዱ ፊት ለፊት፣ በራሳችሁ አነጋገር፣ ምን ማለት እንደ ሆነ አንድ መስመር ጻፉ። ባልና ሚስት ለየብቻ ጻፉና አስተያዩ። ባትስማሙ አትሰርዙት፤ እንዳለ ለአስተማሪያችሁ አሳዩት።

ደኅና ሁኑ።