የ«ጤዛ» ሐኪምና የእኛ ጥያቄ
(በጉለሌ በተካሄደው የምሩቃን መገናኛ የቀረበ ንግግር)



ሐኪም ስለ ፊልም ምን ያወራል ትሉ ይሆናል። የማነሣላችሁ ግን በአንድ ሐኪም ታሪክ የእኛን ጥያቄ የጠየቀ ሰው ነው፤ ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ።

ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር ተወለደ። አባቱ ገሪማ ታፈረ ደራሲና መምህር ነበሩ፤ ልጃቸውም መድረክን የለመደው በእሳቸው ተውኔቶች ነው። በ1967 ወደ አሜሪካ ሄዶ ቺካጎ ትወና ተማረ። ለጥቁር ተዋናይ የሚሰጠው ሚና ግን ጠበበው። ሎስ አንጀለስ ተሻግሮ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም አጠና። ከዚያ ወዲህ ሚና የሚሰጠውን ሰው አልጠበቀም፤ ራሱ ይጽፋል፣ ራሱ ያዘጋጃል፣ ቅንብሩንም ራሱ ይሠራል።

በ1974 አገር ቤት መጥቶ በባላባት መሬት ላይ ስለሚለፋ የገበሬ ቤተሰብ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጸ። በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲም ለአሥርት ዓመታት አስተማረ። ስለ ባርነት የሠራውን «ሳንኮፋ»ን (1993) አከፋፋዮች አንቀበልም ሲሉት እሱና ባለቤቱ ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ለሕዝብ አሳዩት።

«ጤዛ» በ2008 ወጣ። በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ድርሰት ሽልማትን፣ በማግሥቱ ዓመት ደግሞ በዋጋዱጉ ትልቁን ሽልማት አገኘ። ባለታሪኩ አንበርብር ጀርመን አገር ሕክምና የተማረ ሰው ነው። ሕልሙ የወገኑን በሽታ በምርምር ማጥፋት ነበር። በደርግ ዘመን ሲመለስ ግን ከምርምሩ ይልቅ ስብሰባውና ግምገማው በለጠ። ጀርመን ሲመለስ ደግሞ ዘረኞች ደብድበው አካሉን አጎደሉት። መጨረሻ ላይ እናቱ መንደር ገብቶ ዝም ይላል። ሰው «ይሄን ሁሉ ተምሮ ምን ይዞ መጣ?» ይላል።

እኛም የምንጠይቀው ይሄንኑ ነው። «ምን ይዘህ መጣህ?» እንላለን እንጂ «ያመጣኸውን የት እናስቀምጥልህ?» አንልም። ፊልሙ አንበርብርን ሄደ ብሎ አይወቅሰውም፤ እውቀቱን የሚቀበል ቦታ መጥፋቱን ነው የሚያሳየን። ሲያበቃ ደግሞ አንድ ቦታ ይገኝለታል፦ የመንደሩ ልጆች ትምህርት ቤት። ላቦራቶሪ የለም፣ ማዕረግ የለም፤ የሚሰሙት ልጆች ግን አሉ።

እዚህ ጉለሌ ከጳውሎስ ሆስፒታል እስከ ፓስተር በሽተኛውም፣ ላቦራቶሪውም፣ ተማሪውም አለ። ከውጭ ለሁለት ሳምንት እረፍት የሚመጣ ባልደረባ አለን፤ ለሠርግ፣ ለልቅሶ ይመጣና ይሄዳል። እያንዳንዱ የትምህርት ክፍል እንግዳውን የሚቀበል አንድ ሰው ይመድብ። ከተማሪዎች ጋር አንድ ቀን ዋርድ ይዙር፤ አንድ ከሰዓት ያስተምር። ይሄ በጀት አይጠይቅም፤ አንድ ስልክና ቀድሞ የተያዘ ቀን ብቻ ነው የሚፈልገው። እናንተም ከሩቅ ያላችሁ፣ ትኬት ስትቆርጡ አሳውቁን።

አንበርብር ቦታውን ያገኘው ብዙ ከተሰበረ በኋላ ነው። የእኛ ሰዎች እስኪሰበሩ አንጠብቅ።