ሀ ለ ሐ መ በኡጋሪት
በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ቀን ከ12ኛ ክፍል ተማሪ የተነገረ ንግግር



ከሐኪም ጋራ በታች ባለችው በዚች ጥንታዊት ከተማ አንዱ ልጅ በቄስ ትምህርት ቤት «ሀ ሁ» ሲል ሌላው በቁርኣን ትምህርት ቤት «አሊፍ፥ ባ» እያለ ያድጋል። ዛሬ የምናገረው በሩቅ አገር ከመሬት ውስጥ ስለ ወጣ የሸክላ ጽላት ነው፤ ነገሩ ግን ዞሮ ዞሮ ወደነዚህ ሁለት ልጆች ይመጣል። የምጠራቸው ዘመናት ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ አስታውሳለሁ።

በ1928 በሶርያ የባሕር ዳርቻ፥ ከላታክያ ከተማ አጠገብ፥ አንድ ገበሬ ሲያርስ ማረሻው ከድንጋይ ጋር ተጋጨ። ድንጋዩ የጥንት መቃብር ክዳን ነበረ። በ1929 ፈረንሳዊው ክሎድ ሼፈር በዚያው አቅራቢያ ራስ ሻምራ የሚባለውን ጕብታ ቢያስቈፍር፥ ከክርስቶስ ልደት በፊት 1200 ዓመት ገደማ የጠፋችው የኡጋሪት ከተማ ተገኘች። በውስጧም የምስማር ቅርጽ ባለው ጽሕፈት የተጻፉ የሸክላ ጽላት ነበሩ። ጀርመናዊው ሐንስ ባወር፥ ፈረንሳውያኑ ኤዶዋር ዶርምና ሻርል ቪሮሎ ብዙም ሳይቈዩ በ1930 ምሥጢሩን ፈቱት። ጽሕፈቱ 30 ፊደላት ብቻ ያሉት ሲሆን ቋንቋውም የዕብራይስጥ፥ የዐረብኛና የግዕዝ ዘመድ ነው። ቤትን «በ ተ»፥ ሞትን «መ ተ»፥ ኮከብንም «ከ በ ከ በ» ብለው ይጽፉት ነበር።

በጽላቱ ላይ የተጻፈው ምንድር ነው? ከደብዳቤውና ከሒሳቡ ሌላ የከነዓን አማልክት ታሪክ ይገኝበታል። ስለ በኣል በመጽሐፍ ቅዱስ የምንሰማው ከሚቃወሙት ከነቢያት አፍ ነው፤ በኡጋሪት ግን የሚያመልኩት ሰዎች ራሳቸው ይናገራሉ። በእነርሱ ዘንድ በኣል በደመና ላይ የሚጋልብ፥ ዝናብንም የሚሰጥ አምላክ ነው። አቅሃት ስለሚባለው ወጣት በሚተርከው ጽሑፍም ልጁ በተገደለ ጊዜ አባቱ በኣል ለሰባት ዓመታት ዝናብ እንዲነፍግ ይናገራል።

እንግዲህ ይህን ካወቅን በኋላ የኤልያስን ታሪክ በአንደኛ ነገሥት ምዕራፍ 17 እና 18 እንመልከት። ነቢዩ የመጣው በሌላ ነገር ሳይሆን በዝናብ ነው። ሙግቱ በኣል «የእኔ ነው» በሚለው ሜዳ ላይ ነበረ። ዝናብ ሲዘገይ የገበሬው ዐይን ወዴት እንደሚያይ እኛ የሐረርጌ ልጆች እናውቃለንና፥ የዚያ ሕዝብ ልብ በሁለት አሳብ ለምን እንደ ተከፈለ ልናስተውል እንችላለን።

ሌላም ምሳሌ አለ። ኢትዮጵያ እጆቿን ወደ እግዚአብሔር እንደምትዘረጋ የሚናገረውን መዝሙር የማያውቅ ከመካከላችን የለም። በዕብራይስጡ ቍጥር መዝሙር 68፥ በግዕዙ 67 ነው። በዚሁ መዝሙር ቍጥር 4 ላይ እግዚአብሔር የሚጋልብበት ነገር ተጽፎአል። የዕብራይስጡ ቃል በተለመደው ፍቺ ምድረ በዳ ማለት ነው፤ የግሪክ ተርጓሚዎች ምዕራብ ብለውታል፥ ግዕዙም ግሪኩን ተከትሎ «ዐረብ» አለ። የኡጋሪት ጽላት ከወጣ ወዲህ ግን ብዙ ሊቃውንት ቃሉ ለበኣል ይነገር የነበረው «በደመና ላይ የሚጋልብ» የሚለው ስም ነው ይላሉ። መዝሙር 104 እና ኢሳይያስ 19 እግዚአብሔር በደመና እንደሚሄድ በግልጥ ስለሚናገሩ ይህ አሳብ ለዕብራይስጡ መጽሐፍ እንግዳ አይደለም። ዘማሪው ለበኣል የተሰጠውን ማዕረግ ወስዶ ለባለቤቱ መለሰው ማለት ነው።

ከጓደኞቼ አንዳንዶቹ «እንዲህ ከሆነ መጽሐፍ ቅዱስ ከጣዖት አምላኪዎች የተቀዳ ነውን?» ብለው ይጠይቃሉ። ጥያቄው የሚናቅ አይደለም። ኢሳይያስ 27 ስለ ሌዋታን ሲናገር ፈጣንና ጠማማ እባብ ይለዋል፤ የኡጋሪት ጽሑፍም ሎታን ስለሚባለው እባብ የሚናገረው በእነዚሁ ሁለት ቃላት ነው። ነገር ግን ነቢይ የሚናገረው ሰሚው በሚያውቀው ቋንቋ ነው። ቃሉ የጎረቤት ቢሆንም መልእክቱ ሌላ ነው፤ በኡጋሪት አማልክት እርስ በርሳቸው ለዙፋን ይዋጋሉ፥ በኢሳይያስ ግን አንዱ እግዚአብሔር ይፈርዳል። እምነት ከእውቀት ፊት መሸሽ የለበትም።

እውቀትም በበኩሉ መቸኰል የለበትም። ጠቦትን በእናቱ ወተት መቀቀል በኦሪት ዘጸአት ምዕራፍ 23 ተከልክሎአል። በ1930ዎቹ ዓመታት ሊቃውንት ይህ የከነዓናውያን ሥርዐት ነበረ፥ በኡጋሪት ጽላት ላይም አገኘነው አሉ፤ መጻሕፍትም ተቀባበሉት። በኋላ ጽላቱ በጥንቃቄ ሲመረመር ስፍራው የተሰበረ ሆነ፥ «እናት» የሚለውም ቃል በዚያ የለም። ስለዚህ ተማሪ የሰማውን ሁሉ ሳይመረምር አይቀበልም።

አሁን ወደ ሀ ሁ እመለሳለሁ። በ1933 ታቦተ ጽዮን ከፍልስጥኤማውያን እጅ በተመለሰባት በቤትሳሚስ አንድ ትንሽ ጽላት ተገኘች። ፊደሏ እንደ ኡጋሪት ያለ ነው፤ ቅደም ተከተሉ ግን ከ50 ዓመት በላይ ሳይታወቅ ቈየ። በ1987 ሩስያዊው ሊቅ ሉንዲን ፊደላቱ በደቡብ ዐረብ ተራ የተደረደሩ መሆናቸውን አስታወቀ። በ1988 ደግሞ በራስ ሻምራ በራሷ እንዲሁ ያለ ጽላት ወጣ። የሁሉም መጀመሪያ «ሀ ለ ሐ መ» ነው! ከአራቱ ወዲያ ተራው ከእኛ ጋር አንዳንድ ስፍራ ይለያያል፤ መነሻው ግን አንድ ነው። በኡጋሪት «አ በ ገ» የሚለውም ተራ ይጻፍ ነበር፤ በእኛም ቄስ ትምህርት ቤት ልጅ ሀ ሁን ከጨረሰ በኋላ አቡጊዳን ይማራል። እንግዲህ ከ3,200 ዓመት በፊት አንድ የኡጋሪት ጸሓፊ በሸክላ ላይ የጻፈውን መጀመሪያ የእኛ ሕፃናት ዛሬም በቃላቸው ይሉታል።

ብዙዎቻችን በፊደል ትምህርት ጊዜ «ሀሌታው ሀ፥ ሐመሩ ሐ፥ ብዙኃኑ ኀ ለምን ሦስት ሆኑ?» ብለን እናጕረመርማለን። በአማርኛ አፍ ድምፃቸው አንድ ሆኖአልና ማጕረምረማችን አያስደንቅም። ነገር ግን በግዕዝ ሕልም በሐመሩ ሐ፥ ኀምስ በብዙኃኑ ኀ ይጻፋል። የዕብራይስጥ ጽሕፈት ሁለቱን በአንዲት ሔት ደባልቆአቸዋል። ኡጋሪት ግን ለየብቻ ይጽፋቸዋል፤ ዐረብኛም እንዲሁ። ስለዚህ የዕብራይስጥ ቃል ሥር ሲጠፋበት ሊቁ የሚጠይቃቸው እነዚህን ዘመዶች ነው። ቁርኣን ቤት የተማረው ጓደኛችን በጕሮሮው የሚለየውን፥ ቄስ ትምህርት ቤት የተማረው በብዕሩ ይለየዋል። ሁለቱ በአንድ ወንበር ላይ ቢቀመጡ አንዱ ለሌላው መምህር ነው።

ፊደል ይቀነስ አይቀነስ የሚለውን ክርክር ሽማግሌዎችና ሊቃውንት ይጨርሱት። እኔ የምለው ይህን ብቻ ነው፤ ልዩነቱን ሳያውቅ የሚጥል ሰው ቍልፍን ብረት ነው ብሎ እንደሚጥል ሰው ነው። የኡጋሪትን ጽላት ያነበቡት ከሩቅ አገር መጥተው፥ ዕብራይስጥና ዐረብኛ እንዲሁም የእኛን ግዕዝ ጭምር በብዙ ድካም ተምረው ነው። እኛ ግን ግማሹ መንገድ በቤታችን ደጃፍ አለ። ከዛሬዎቹ ተማሪዎች አንዱ ነገ ከነዚያ ሊቃውንት ጋር ተቀምጦ «ይህን ቃል እኛ እንዲህ እንለዋለን» ሊላቸው የማይችልበት ምክንያት የለም።

ወላጆች ሆይ፥ ልጆቻችሁ ግዕዝም ዐረብኛም ሲማሩ ያለፈበት ነገር ነው አትበሉአቸው። መምህራን ሆይ፥ ጥያቄያችንን ታገሡልን። ጓደኞቼ ሆይ፥ ፊደላችንን አንናቅ።

 ለትምህርት ቤታችንም ረጅም ዕድሜ እመኛለሁ።