እጅ ሥራን እንዴት ይለምዳል



በመካነ ሰላምና በቦረና ደጋ አንድ ልጅ ፊደል ሲጽፍ እጁ ቢዘገይ፥ «ደንዛዛ ነው» ይባልና ልቡ ይሰበራል፤ ከትምህርት ቤት የሚቀርም አይጠፋም። ያው ልጅ ግን በወንጭፍ ድንጋይ ወርውሮ ዝንጀሮን ከገብስ ማሳ ያባርራል። እንግዲህ ጕድለቱ ከእጁ አይደለም።

እርሻን መመልከት ይበቃል። ገበሬው በአንድ እጁ እርፍ፥ በሌላው ጅራፍ ይዞ በሬዎቹን ሲነዳ፥ ቀንበሩ ቢያዘነብል ወይም ማረሻው ድንጋይ ቢነካ፥ አሳቡ ሳይደርስ ክንዱ ቀድሞ ያቀናዋል። በተዳፋት መሬት ሁለት ትልም ፍጹም አንድ ዓይነት አይወጣም፤ ስለዚህ የተማረው አንድ የተወሰነ የክንድ አካሄድ ሳይሆን ትልም ማቅናትን ነው። ኒኮላይ ቤርንሽታይን የተባለ የሩሲያ ሊቅ፥ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1920ዎቹ ዓመታት፥ በሞስኮ በመዶሻ የሚሠሩ ሰዎችን በፎቶግራፍ መርምሮ ይህንኑ አገኘ፤ መዶሻው ዒላማውን ሳይስት፥ የትከሻና የክርን እንቅስቃሴ ግን በየምቱ ይለያይ ነበር። ለጀማሪ ልጅም «ክንድህን እንዲህ አድርግ» ከማለት «የትልሙን ጫፍ ተመልከት» ማለት ይሻላል፤ አባቶች ይህን ያለ መጽሐፍ ያውቁታል።

ብሬንዳ ሚልነር የተባለች የካናዳ ሊቅ በ1962 የገለጠችው ደግሞ ያስደንቃል። በ1953 በአንጎሉ ላይ በተደረገ ቀዶ ሕክምና አዲስ ነገር የማስታወስ ኀይሉን ያጣ ሰው፥ እጁን በመስተዋት ብቻ እያየ የኮከብ ሥዕል መሥመር እንዲከተል ተደረገ። ትናንት መለማመዱን ፈጽሞ አያስታውስም፤ ስሕተቱ ግን ከቀን ወደ ቀን አነሰ።

ወደ ፊደሉ እንመለስ። መምህር በእያንዳንዱ ፊደል ላይ ቢያርም፥ ልጁ ለጊዜው ያሻሽላል፤ መምህሩ ዘወር ሲል ግን ይሳሳታል፤ ስሕተቱን ራሱ መለየት አልተማረምና። (ዱላውማ ጣትን ከማደንደን በቀር ጥቅሙ አልታየም።) የልምምዱም ጊዜ ይከፋፈል። በ1978 በታተመ ጥናት፥ በእንግሊዝ አገር በመኪና መጻፍ የተማሩ የፖስታ ሠራተኞች፥ በቀን አንድ ሰዓት የተለማመዱት አራት ሰዓት ከተለማመዱት ይልቅ በጥቂት ሰዓት ድምር ሠለጠኑ፤ ሳምንቱ ስለ በዛባቸው ግን ያጕረመረሙት እነርሱ ነበሩ።

ስለዚህ በየቀኑ ጥቂት መሥመር ያጽፉት፤ ሲጨርስም ከመምህሩ ፊደል ጋር አስተያይቶ የተጣመመውን በጣቱ ያሳይ፤ እርማቱ ከዚያ በኋላ ይምጣ።