እርሳሱ በማን እጅ ነው?



ዛሬ የማወራችሁ ስለ አንድ ዳክዬ ነው። አትሳቁ፣ ቁም ነገር አለው። በ1953 ቻክ ጆንስ የተባለ አሜሪካዊ ዳይሬክተር «ዳክ አሙክ» የሚባል ሰባት ደቂቃ ያህል የሚፈጅ የካርቱን ፊልም ሠራ። ዳፊ የሚባለው ዳክዬ ጎራዴ ይዞ፣ እንደ ጀግና እየፎከረ ይገባል። ትንሽ እንደሄደ ከኋላው ያለው ሥዕል ያልቅበታል። ባዶ ነጭ ወረቀት! ሠዓሊውን ሲለምን እርሻ ይሳልለታል፤ እሱ ገበሬ መስሎ ሲመጣ ግን ቦታው በረዶ ይሆናል። ከዚያ ላጲስ መጥቶ ራሱን ዳፊን ያጠፋዋል። እንደገና ሲሳል ጊታር ይዟል፣ ጊታሩ ግን ድምፅ የለውም። ጭራሽ ፊልሙ ሳያልቅ «መጨረሻ» የሚል ጽሑፍ ይመጣበታል።

ለምን እንስቃለን? ደንቡን ስለምናውቅ ነው። ደንቡን የማያውቅ ሰው ሲፈርስ አይስቅም።

ይሄ ደግሞ የፈረንጅ ብልሃት ብቻ አይደለም። አያቶቻችን «ተረት ተረት» ሲሉ «የላም በረት» እንላለን። ሲጨርሱ «ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ» ይላሉ። አያት ከተረቱ ውስጥ ወጥታ ዳቦ ትጠይቃለች ማለት ነው!

አሁን ወደ እኛ ልምጣ። ስለ እኛ የሚሠራው ፊልም ብዙውን ጊዜ አንድ ዓይነት ነው፦ በረሃ፣ ሱዳን፣ አውሮፕላን፣ እንባ፣ «መጨረሻ»። እውነት ነው፣ በመንገድ የቀሩትን ማንም አይረሳም። ግን ወላጆቻችን ከአውሮፕላኑ በፊትም በኋላም ኖረዋል፤ ተፋቅረዋል፣ ተጣልተዋል፣ ቀልደዋል። ሌላ ሰው ብቻ ሲስለን እንደ ዳፊ የሰጡንን ልብስ ለብሰን እንቆማለን።

ኢትዮጵያ የተወለደችው ዳይሬክተር ዓለምወርቅ ዳቪድያን በ2018 «የበለስ ዛፍ» በተባለው ፊልሟ ታሪኩን ከጉዞው በፊት፣ አዲስ አበባ ላይ፣ ከአንዲት ልጅ ፍቅር ጋር አሳየችን። ይቻላል ማለት ነው።

እኛም ስልካችን ውስጥ ካሜራ አለ። ዘንድሮ እያንዳንዳችን የአምስት ደቂቃ ፊልም እንሥራ። «እንዴት መጣችሁ?» ብቻ ሳይሆን «ምን ያስቃችሁ ነበር?» ብለን እንጠይቅ። እናንተም ወላጆቻችን «ይሄ ምን ያደርግላችኋል?» አትበሉን፣ ንገሩን።

ዳቦውን እኛ እናመጣለን።