ምንጭ መጠየቅም መጠን አለው
(በትምህርት ቤታችን የመታሰቢያ በዓል የቀረበ ንግግር)



ዛሬ የምናገረው፥ ብዙዎቻችን ለትምህርታችን ስለምንጠቀምበት ስለ ዊኪፔዲያ ነው። ይህ መዝገበ ዕውቀት በ1993 ዓ.ም. ጥር 7 ቀን ተጀመረ። ጽሑፉን የሚጨምሩትና የሚያርሙት አንባቢዎቹ ራሳቸው ናቸው። አንድን ቃል የተጠራጠረ ሰው ከጎኑ «ምንጭ ያስፈልጋል» የሚል ምልክት ያኖርበታል።

ምልክቱ በከንቱ የመጣ አይደለም። በ1997 ዓ.ም. ግንቦት ወር አንድ ሰው፥ አሜሪካዊው ጋዜጠኛ ጆን ሲገንታለር በፕሬዚዳንት ኬኔዲ ግድያ ተጠርጥሮ ነበር የሚል ሐሰት ጻፈ። ሐሰቱም አራት ወር ያህል ሳይታረም ቆየ። «ይህን ከየት አገኘኸው?» የሚል ጠያቂ በጊዜው ቢገኝ ኖሮ፥ የሰው ስም ይህን ያህል ባልጎደፈ ነበር።

ነገር ግን መድኃኒትም ከመጠን ካለፈ ይጎዳል። አንድ ጸሐፊ፥ «የዐድዋ ጦርነት የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ተደረገ፤ የኢትዮጵያን ጦር የመሩት ዳግማዊ ምኒልክ ናቸው፤ የሞተውም ሰው ይህን ያህል ነው» ቢል፥ ምንጭ የሚያስፈልገው የትኛው ነው? የሟቾቹ ቁጥር ነው፤ በእርሱ ጸሐፊዎች አይስማሙምና። የመዝገቡም ደንብ ምንጭን ግድ የሚለው ለጥቅስና ለሚያከራክር ነገር ነው። በሦስቱም ላይ ምልክት ቢደረግ ግን አንባቢው የታወቀውን ካጠራጣሪው መለየት ያቅተዋል። የቤቱን ሰው ከሌባ ሳይለይ ሌሊቱን ሙሉ የሚጮህ ውሻ፥ ሌባው በመጣ ጊዜ የሚሰማው የለም።

ሌላም ጉዳት አለ። ምልክት ማኖር የደቂቃ ሥራ ነው፤ መጽሐፍ መርምሮ ገጹን ማመልከት ግን ድካም አለው። ሁሉ ጠያቂ ከሆነ መላሹ ማን ነው? በአማርኛው ክፍል የሚጽፉት ጥቂቶች ናቸው። ከእነርሱ አንዱ በየመስመሩ ተጠይቆ፥ ተሰላችቶ ቢተወው፥ የሚጎዱት በቋንቋቸው የሚነበብ የሚያጡት ታናናሾቻችን ናቸው።

ስለዚህ፥ ጓደኞቼ፥ አስቀድመን «በእውነት ተጠራጥሬአለሁን?» ብለን ራሳችንን እንጠይቅ። ቀጥሎም ወደ ቤተ መጻሕፍት ሄደን እንፈልግ፤ ካገኘን ምንጩን እኛው እንጻፍ። ያጣን እንደሆነ፥ ያጠራጠረንን ነገር ከነምክንያቱ ገልጠን እንጠይቅ። በሕይወት ያለን ሰው ስም የሚያጠፋ ምንጭ የለሽ ቃል ግን ምልክት አይበቃውም፤ ወዲያው ይሰረዝ።

እንዲህ ያደረግን እንደሆነ ጥያቄአችን ሥራን የሚያቀና እንጂ ሠሪን የሚያባርር አይሆንም።