የእንግሊዝኛ አናባቢዎች በመሐንዲስ ጆሮ

(በማኅበሩ ዓመታዊ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



የመንገድ ሥራ መሐንዲስ የሆነ ሰው ስለ ቋንቋ ድምፅ ለመናገር ከዚህ መድረክ ላይ ሲቆም፣ «ይህስ የቋንቋ ሊቃውንት ድርሻ አይደለምን?» የሚል ጥያቄ እንደሚነሣ አውቃለሁ። ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሴን ከአንድ የሥራ ቦታ ታሪክ እጀምራለሁ።

ከዩኒቨርሲቲ በወጣሁ በሁለተኛው ዓመት በአንድ የመንገድ ሥራ ላይ ተመድቤ ነበር። ከካባው የሚመጣውን የሰብ ቤዝ አፈር የሚመረምሩት በዕድሜ የገፉ እንግሊዛዊ ተቆጣጣሪ ነበሩ። እርሳቸው በካባው፣ እኔ ደግሞ አፈሩ በሚደፋበት ቦታ ሆነን በእጅ ሬዲዮ እንነጋገር ነበር። አንድ ቀን ጠዋት ገልባጭ መኪናዎች ተሰልፈው በደረሱ ጊዜ ስለ ጭነቱ ጠየቅኋቸው። የሰማሁት መልስ «ቱ ዳምፕ» የሚል ብቻ ነበር። «የሚደፋ ነው» ያሉኝ ስለ መሰለኝ አስደፋሁት። እርሳቸው ግን «እርጥበቱ በዝቷል» ማለታቸው ነበር። ያን ዕለት ሎደር በአቅራቢያው ስላልነበረ፣ የቀን ሠራተኞች ያን ሁሉ አፈር በአካፋ መልሰው ሲጭኑ ውለው አመሹ። እኔም በዕለቱ ሪፖርት ላይ «ሬዲዮው በግልጽ አያሰማም» ብዬ ጻፍሁ። በዚሁ ምክንያት ሬዲዮዎቹን በኃላፊነት ይይዙ የነበሩት አዛውንት የግምጃ ቤት ሠራተኛ የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ደረሳቸው።

ዛሬ የምናገረው ያ ሪፖርት ስሕተት እንደ ነበር በቁጥር ለማስረዳት ነው።

በመጀመሪያ አንድ ነገር ልብ እንድትሉልኝ እለምናለሁ። «እርጥብ» የሚለውንና «ድፋ» የሚለውን ሁለት የእንግሊዝኛ ቃላት በፊደላችን ብጽፋቸው ሁለቱም «ዳምፕ» ይሆናሉ። ለእንግሊዛዊው ፈጽሞ የተለያዩ ቃላት ናቸው፤ በእኛ ፊደል ግን መለያ የላቸውም። አማርኛ ከግዕዝ እስከ ሳብዕ ሰባት አናባቢዎች አሉት፤ እያንዳንዱም በፊደሉ ቅርጽ ላይ ተለይቶ ይታያል። እንግሊዝኛ በአንጻሩ በጽሑፍ አምስት የአናባቢ ፊደሎች ብቻ ሲኖሩት፣ የደቡብ እንግሊዝ አነጋገር በተለመደው አቆጣጠር ሃያ አናባቢ ድምፆች አሉት፤ ይኸውም 12 ነጠላና 8 ከአንዱ ወደ ሌላው የሚንሸራተቱ ናቸው። ከዚህም በላይ ከ15ኛው እስከ 17ኛው ምእተ ዓመት ድረስ የቋንቋው ረጃጅም አናባቢዎች ቦታቸውን ለውጠዋል። ዊሊያም ካክስተን በ1476 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የማተሚያ መሣሪያ ወደ እንግሊዝ ካስገባ ወዲህ ግን የቃላቱ አጻጻፍ ቀስ በቀስ እየረጋ ሄደ። ድምፁ ሲሄድ ፊደሉ ቀረ። ስለዚህ የእንግሊዝኛ ፊደል ለአናባቢው የታመነ መሪ ሊሆን አይችልም።

በ1886 በፓሪስ የተመሠረተው ዓለም አቀፍ የፎኔቲክስ ማኅበር ለእያንዳንዱ ድምፅ የራሱን ምልክት ለመስጠት የተነሣው ይህን የመሰለውን ችግር ለማስወገድ ነው። በለንደን ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ያስተምር የነበረው ዳንኤል ጆንስ (1881-1967) ደግሞ ለእኛ ሙያ ቅርብ የሆነ ዘዴ አቀረበ። አንድን አናባቢ ለመግለጽ ሦስት ጥያቄዎች ይበቃሉ፦ ምላስ ወደ ላንቃ ምን ያህል ከፍ ብሏል? ከፍ ያለው ክፍል የፊቱ ነው ወይስ የኋላው? ከንፈርስ ክብ ሆኗል ወይስ ተዘርግቷል? ጆንስ በዚህ መሠረት ስምንት ቋሚ የማነጻጸሪያ አናባቢዎችን ወሰነ። እነዚህ የየትኛውም ቋንቋ ንብረት አይደሉም፤ ቀያሽ በመሬት ላይ እንደሚተክለው ቤንች ማርክ ናቸው። የማንኛውም ቋንቋ አናባቢ ከእነርሱ በመነሣት ቦታው ይለካል።

በዚህ ካርታ ላይ ስናየው «እርጥብ» በሚለው ቃል ውስጥ ያለው አናባቢ ምላስ ዝቅ ብሎ ወደ ፊት ሲቀርብ የሚወጣ ነው። «ድፋ» በሚለው ውስጥ ያለው ምላስ ወደ ኋላ ሸሸት ሲል ይወጣል። የእኛ ራብዕ በሁለቱ መካከል ይገኛል።

አሁን ወደ ራሳችን ሙያ እንመለስ። የድምፅ አውታሮች የሚፈጥሩት ድምፅ በራሱ አናባቢ አይደለም፤ ጥዝታ ነው። አናባቢ የሚያደርገው ከጉሮሮ እስከ ከንፈር ያለው ቱቦ ነው። የአንድ ጎልማሳ ወንድ ቱቦ ወደ 17.5 ሳንቲ ሜትር ይደርሳል፤ በአውታሮቹ በኩል ዝግ፣ በከንፈር በኩል ክፍት ነው። የድምፅን ፍጥነት በሴኮንድ 350 ሜትር ብንወስድና ቱቦው ከዳር እስከ ዳር እኩል ስፋት ቢኖረው፣ የሩብ ሞገድ ስሌት 500፣ 1500 እና 2500 ሄርዝ ይሰጠናል። ቱቦው አብሯቸው የሚያስተጋባቸውና የሚያጎላቸው ድግግሞሾች እነዚህ ናቸው፤ ስማቸውም ፎርማንት ይባላል። ይህ ስሌት የሚሰጠን አናባቢ በእንግሊዝኛ ጎልተው በማይነገሩ ክፍለ ቃላት ውስጥ የሚሰማው ነው፤ ለእኛ «ኧ» ይቀርባል። ምላስ ቱቦውን በአንድ ቦታ ሲያጠብብና በሌላው ሲያሰፋ ፎርማንቶቹ ይለወጣሉ። ባጭሩ ምላስ ዝቅ ሲል የመጀመሪያው ፎርማንት ከፍ ይላል፤ ምላስ ወደ ፊት ሲቀርብ ደግሞ ሁለተኛው ከፍ ይላል።

በ1952 ጎርደን ፒተርሰንና ሃሮልድ ባርኒ የተባሉ የቤል ላቦራቶሪ ተመራማሪዎች የ76 ሰዎችን አነጋገር ለክተው ውጤቱን አሳተሙ። በወንዶቹ አማካይ መሠረት «እርጥብ» የሚለው ቃል አናባቢ 660 እና 1720 ሄርዝ፣ «ድፋ» የሚለው ደግሞ 640 እና 1190 ሄርዝ ነው። ልኬቱ የተወሰደው በአሜሪካ ስለሆነ በእንግሊዛውያን ዘንድ ቁጥሩ ይለያያል፤ አቀማመጡ ግን ተመሳሳይ ነው። እንግዲህ የመጀመሪያው ፎርማንት አንድ ነው ለማለት ይቻላል፤ መላው ልዩነት በሁለተኛው ላይ ነው። የስልክ መስመር በተለምዶ ከ300 እስከ 3400 ሄርዝ ያሳልፋል፤ የእጅ ሬዲዮም ከዚህ እጅግ አይርቅም። 1190ም 1720ም በዚህ ክልል ውስጥ ናቸው። ስለዚህ ያን ዕለት ልዩነቱ በሬዲዮው ውስጥ አልፎ እጆሮዬ ድረስ መጥቶ ነበር፤ ያልለየሁት እኔ ነኝ።

ለምን አልለየሁትም? ሕፃን ገና አፉን ሳይፈታ፣ በቋንቋው ውስጥ ትርጉም የሚለውጠውን ልዩነት ማጥበቅና የማይለውጠውን መተው ይማራል። ካምፕና ፓምፕ የሚሉትን የየዕለት ቃላት ተመልከቱ፤ በአማርኛ ቤት ይመታሉ፣ በእንግሊዝኛ ግን አይመቱም። ይህ ሊያሳፍረን አይገባም። «መጣ» እና «መታ» ያልነውን አንድ አድርጎ የሚሰማ እንግሊዛዊ ሁላችንም እናውቃለን።

ከዚህ ሦስት የሥራ ምክሮች ይወጣሉ። አንደኛ፣ በትምህርት ቤት «አጭርና ረጅም አናባቢ» ተብሎ የተማርነው አይበቃም። «መርከብ» እና «በግ» የሚሉት የእንግሊዝኛ ቃላት በእኛ አጻጻፍ ሁለቱም «ሺፕ» ናቸው፤ የአናባቢዎቻቸው ልኬት ግን በመጀመሪያው 390 እና 1990፣ በሁለተኛው 270 እና 2290 ሄርዝ ነው። የሚለዩት በርዝመት ብቻ ሳይሆን በምላስ ቦታም ጭምር ነው። ሁለተኛ፣ ጆሮ በጎልማሳነትም ይሠለጥናል፤ ጥንድ ቃላትን ከተለያዩ ሰዎች አፍ ደጋግሞ መስማትና ስሕተትን ወዲያው መታረም ያስፈልጋል። ሦስተኛውና ዋነኛው፣ በሥራ ቦታ የተሰጠንን ትእዛዝ በሌላ ቃል መልሰን እንጠይቅ። ያን ጠዋት «ውሃ በዝቶበታል ወይስ እናራግፈው?» ብዬ ቢሆን ኖሮ ነገሩ በዚያው ባበቃ ነበር።

ይህን ሁሉ ከተረዳሁ በኋላ ማስጠንቀቂያው እንዲነሣ ለሚመለከተው ክፍል ጻፍሁ፤ አዛውንቱንም ፈልጌ ይቅርታ ጠየቅኋቸው። ስለ አናባቢዎቹና ስለ ሄርዙ በሰፊው ካስረዳኋቸው በኋላ «ልጄ፤ ሬዲዮው ደኅና እንደ ነበር እኮ ያን ዕለትም ነግሬህ ነበር» አሉኝ። እውነት ነው፤ ነግረውኝ ነበር፤ ያውም በአማርኛ።