ስለ ቬኔስያ ጸጥተኛ ደሴቶች
(በደብራችን የ25ኛ ዓመት በዓል ዕለት የተነገረ)



ደብራችን የተመሠረተበትን 25ኛውን ዓመት በምናከብርበት በዛሬው ቀን ጥቂት ቃል እንድናገር ስለ ፈቀዳችሁልኝ ምስጋናዬ ብዙ ነው። እኔ ሊቅ አይደለሁም፤ ስለዚህ ትምህርት ልስጥ አልደፍርም። ነገር ግን ባለፈው ዓመት ከፋሲካ በኋላ በቬኔስያ ውኃ ላይ በዓይኔ ያየሁትን ብነግራችሁ፥ ደብራችንንም የሚነካ ነገር ስላለበት፥ ከበዓሉ የራቀ አይሆንም ብዬ አስባለሁ። የምጠራቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።

እዚህ በኢጣልያ የምንኖር ብዙዎቻችን ቬኔስያን አይተናታል። ያየነው ግን የቅዱስ ማርቆስን አደባባይና የሕዝቡን ግፊያ ነው። ከከተማይቱ ዙሪያ ያለውን ውኃ የሚያስተውለው ጥቂት ሰው ነው። ይህ ውኃ ላጉና ይባላል። ስፋቱ 550 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ሲሆን፥ ከአድርያቲክ ባሕር የሚለየው ቀጭን የአሸዋ መሬት ነው። የባሕሩ ውኃ በሦስት በሮች ይገባል፤ በየቀኑም ሁለት ጊዜ ይሞላል፥ ሁለት ጊዜ ይጐድላል። በብዙ ስፍራ ጥልቀቱ ከሰው ቁመት አያልፍም። ስለዚህ መንገዱን የማያውቅ ጀልባ ነጂ በጭቃ ላይ ተቀምጦ ይቀራል። መንገዱም ሦስት ሦስት ግንድ በአንድነት ታስሮ በጭቃው ውስጥ በመተከሉ ይታወቃል።

እኛ አራት ሰዎች ነበርን፤ እኔና ባለቤቴ፥ ከደብራችን አንድ ዲያቆን፥ እዚሁ አገር የተወለደችው የዘጠኝ ዓመት የልጅ ልጄም። የሕዝብ ማመላለሻ መርከብ ወደ አንዳንዱ ደሴት ስለማይደርስ አንድ ትንሽ ጀልባ ለብቻችን ተከራየን። ባለ ጀልባው ቀድሞ ዓሣ አጥማጅ የነበረ ሽማግሌ ነው። ማለዳ ተነሥተን ከከተማይቱ በሰሜን በኩል ወጣን፤ ሩብ ሰዓት ሳንሄድ የሰው ጫጫታ ጠፋ፤ የውኃ ወፍ ድምፅና የሞተሩ ድምፅ ብቻ ቀረ።

መጀመሪያ ያለፍንበት ሳን ሚኬሌ፥ ማለት የቅዱስ ሚካኤል ደሴት ነው። ዙሪያው በቀይ ጡብ ግንብ የታጠረ፥ በውስጡም የፈረንጅ ጥድ የቆመበት የቬኔስያ ሰዎች መካነ መቃብር ነው። በፊት ግን ገዳም ነበረ። በ1450 ገደማ በዚህ ገዳም የነበረ ፍራ ማውሮ የሚባል መነኩሴ በዘመኑ ተወዳዳሪ ያልነበረው የዓለም ካርታ ሠራ። ካርታው ደቡብን ወደ ላይ ያደረገ ክብ ነው፤ አሁን በቅዱስ ማርቆስ አደባባይ ባለው በማርቺያና ቤተ መጻሕፍት ስለሚገኝ በዋዜማው አይተነው ነበር። በላዩ ላይ የሀገራችን ተራሮችና ወንዞች ተሥለዋል፤ ዓባይም በስሙ ተጽፏል። መነኩሴው ኢትዮጵያን ከቶ አላያትም። ነገር ግን ከዚያ አገር የመጡ ካህናት አውራጃዎቹንና ወንዞቹን በገዛ እጃቸው ሥለው እንዳሳዩት በካርታው ላይ ጽፏል። የነዚያን ካህናት ስም ዛሬ አናውቅም። በ1402 የዐፄ ዳዊት መልክተኞች ወደ ቬኔስያ መምጣታቸው የታወቀ ስለ ሆነ፥ አባቶቻችን ለዚህ ውኃ እንግዳ አልነበሩም ማለት እንችላለን።

ከዚያ ቤቶቿ በልዩ ልዩ ቀለም በተቀቡ በቡራኖ አጠገብ አልፈን፥ ሳን ፍራንቸስኮ ዴል ዴዜርቶ ወደሚባል ትንሽ ደሴት ደረስን። ትርጓሜው የምድረ በዳው ፍራንቸስኮ ማለት ነው። ቅዱስ ፍራንቸስኮስ በ1220 ከግብጽ ሲመለስ በዚህ እንዳረፈ ይነገራል። በኋላም በ15ኛው መቶ ዓመት ንዳድ ስለ በረታባቸው መነኮሳቱ ጥለውት ሄዱ፤ ምድረ በዳ የሚለውም ስም ከዚያ ቀረ ይባላል። ባለ ጀልባው ከመድረሳችን በፊት ሞተሩን አጠፋና ቆሞ እየቀዘፈ አስገባን። ምክንያቱን ብንጠይቀው፥ «ሞተር የሚያስነሣው ማዕበል ዳሩን ይበላዋል፤ እኔ ዛሬ ብቸኵል ልጆቼ የሚቆሙበት መሬት አያገኙም» አለን።

ከሁሉ የበለጠ ነገር የሆነብን ግን ቶርቼሎ ነው።

ቶርቼሎ ከቬኔስያ በፊት የነበረ ከተማ ነው። በየብስ ከነበረው ከአልቲኖ ከተማ ጦርነትን ሸሽተው የመጡ ስደተኞች አቀኑት። ቤተ ክርስቲያኑ በእመቤታችን ስም በ639 እንደ ተመሠረተ በድንጋይ ላይ የተጻፈው ጽሕፈት ይመሰክራል። ጳጳስ ነበረው፤ ነጋዴዎችና ብዙ ሺህ ሕዝብ ነበሩት። የወንጌላዊው የቅዱስ ማርቆስ ዐፅም በ828 ከእስክንድርያ ሲወሰድ፥ ከወሰዱት ከሁለቱ ነጋዴዎች አንዱ ሩስቲኮ የሚባል የቶርቼሎ ሰው ነበረ። በጉምሩክ ያሉት ጠባቂዎች እንዳይፈትሹ በላዩ የአሳማ ሥጋ አደረጉበት ይባላል። እኛ የማርቆስን መንበር እናታችን ብለን የኖርን ሕዝብ ነንና ይህን ታሪክ ስንሰማ ልባችን መከፋቱ አይቀርም። ነገር ግን በ1968 ፓፓ ጳውሎስ ስድስተኛ ከዐፅሙ ከፍለው ለግብጽ ቤተ ክርስቲያን መልሰዋል። በዚያው ጊዜ በካይሮ አዲሱ የቅዱስ ማርቆስ ካቴድራል ሲመረቅ ግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ተገኝተው ነበር።

ከጀልባው ወርደን በአንድ ጠባብ ቦይ ዳር ሄድን። በግራና በቀኝ አትክልትና ሣር ነው፤ ቤት እምብዛም የለም። ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ገብተን ዓይናችንን ባነሣን ጊዜ በመቅደሱ በኩል በወርቅ መደብ ላይ እመቤታችን ልጇን ታቅፋ ብቻዋን ቆማለች። በምዕራቡ ግድግዳ ላይ ደግሞ የፍርድ ቀን ከላይ እስከ ታች ተሥሏል። ሥዕሉ በቀለም የተቀባ አይደለም፤ ጥቃቅን ብርጭቆና ድንጋይ አንድ በአንድ በኖራ ላይ ተለጥፎ የተሠራ ነው። ባለቤቴ እጅ ነሥታ ረጅም ጊዜ ቆመች። የልጅ ልጄ ግን እጄን ይዛ፥ «አባባ፥ ሰዎቹ የት ሄዱ?» አለችኝ።

ይህን ጥያቄ ከውጭ ሲጠብቀን ለነበረው ለባለ ጀልባው ነገርሁት። እንዲህ ሲል አስረዳን። ወንዞች ከየብስ ደለል እያመጡ የቶርቼሎን ቦዮች ሞሉ፤ መርከብ መግባት ተሳነው፤ ንግድም ቀረ። የወንዙና የባሕሩ ውኃ ተቀላቅሎ በቆመበት ትንኝ ፈላ፤ ንዳድም ሕዝቡን ያዘ። የቻለ ወደ ቬኔስያ ተሻገረ። ከዚያም የተሻገሩት ተመልሰው የባዶውን ቤት ድንጋይና ጡብ እያፈረሱ ለአዲሱ ቤታቸው ወሰዱ። በመጨረሻ በ1818 መንበረ ጵጵስናውም ተሻረ። ዛሬ በደሴቱ የሚኖሩት ሰዎች ከጥቂት ቤተ ሰብ አይበልጡም።

ቬኔስያስ ስለ ምን አልሞላችም? ብለን ብንጠይቅ፥ መልሱ በብዙ ትውልድ ድካም ነው። መንግሥቷ በ1501 ውኃውን የሚጠብቅ ልዩ ሹመት አቆመ፤ ታላላቆቹን ወንዞች፥ ብሬንታንና ፒያቬን፥ በአዲስ ቦይ እየመራ ከላጉናው ውጭ ወደ ባሕር እንዲፈስሱ አደረገ። ይህን ሥራ ወደ ከተማይቱ የሚመጣ መንገደኛ አያየውም፤ ሁሉም የሚያደንቀው ቤተ መንግሥቱን ነው። ቤተ መንግሥቱ ግን የቆመው ያ የማይታየው ሥራ በየዓመቱ ሳይቋረጥ ስለ ተሠራ ነው።

ከሰዓት በኋላ ወደ ደቡብ ወርደን ሳን ላዛሮ ደረስን። ይህ ደሴት በጥንት ዘመን የሥጋ ደዌ ሕሙማን የሚኖሩበት ነበረ፤ ኋላም ባዶውን ቀረ። በ1717 የቬኔስያ መንግሥት መኪታር ለሚባል ለአርመን መነኩሴ ሰጠው። እርሱም ከቱርክ ጦር የሸሸ ስደተኛ ነበረ፤ ጥቂት መነኮሳትን ብቻ ይዞ ገባ። ማኅበሩ ከሮማ ጋር የተባበረ በመሆኑ ከእኛ እኅት ከአርመን ሐዋርያዊት ቤተ ክርስቲያን የተለየ ነው፤ ፊደሉና ቋንቋው ግን ያው ነው። እነዚህ ሰዎች አገራቸው ሳትኖራቸው በዚህች ትንሽ መሬት ላይ የአርመንን ጥንታዊ መጻሕፍት ሰበሰቡ፤ ከአራት ሺህ የሚበልጥ የብራናና የእጅ ጽሑፍ አላቸው። በ1789 ማተሚያ ቤት አቆሙ፤ በኋላም አንዲትን የአርመን ጸሎት በ36 ቋንቋዎች አተሙ። ማተሚያው በ1991 ቢቆምም መጻሕፍቱ ዛሬ በመላው ዓለም ናቸው።

የተቀበሉን መነኩሴ ከኢትዮጵያ መሆናችንን በሰሙ ጊዜ እጅግ ደስ አላቸው። በ1924 ልዑል ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ወደ አዲስ አበባ ያመጧቸውን አርባ የአርመን እጓለ ማውታ ልጆች አነሡልን። ከዚያም በአንድ ወረቀት ላይ የልጅ ልጄን ስም በአርመን ፊደል ጽፈው ሰጧት። እርሳሱንም አቀብለው፥ «አንቺም በአያቶችሽ ፊደል ጻፊልኝ፤ ከደብዳቤዎቼ ጋር አኖረዋለሁ» አሏት።

ልጅቱ እርሳሱን ይዛ ወደ እኔ ተመለከተች። መጻፍ አልቻለችም። ስሟን እኔ ጻፍሁላት። መነኩሴው ደግ ሰው ናቸውና ምንም አላሉም፤ እኔ ግን በዚያ ቀን እንዳፈርሁ በሕይወቴ ያፈርሁበትን ቀን አላስታውስም። ጥፋቱ የልጅቱ አይደለም፤ ፊደል የሚያስቈጥር አያት አጥታ ሳይሆን፥ አያቷ ጊዜ አጥቶ ነው።

እንግዲህ ወደ ቤታችን ነገር ልመለስ። ለዚህ በዓል የተዋጣው ገንዘብ ለምን ይዋል ተብሎ በሰበካ ጉባኤያችን ስንከራከር፥ አንዳንዶቻችሁ ለልጆች መማሪያ ቤትና ለመምህር ደመወዝ ይሁን ብላችሁ ነበር። ሌሎቻችን አዲስ የደወል ቤት ይሠራ አልን። ከደወሉ ወገን ሆኜ ብዙ የተናገርሁት እኔ ነኝ። ደወልን አልነቅፍም፤ የቶርቼሎም የደወል ቤት እስከ ዛሬ ቆሟል፥ ከሩቅም ይታያል። ነገር ግን ደወሉ ሲደወል የሚሰማው ሰው ከጥቂት ቤተ ሰብ የማይበልጥ እንደ ሆነ በዓይኔ አይቼ መጥቻለሁ። ስለዚህ በዛሬው ቀን በአባቶች ፊት ድምፄን መልሻለሁ። የእኔም ድርሻ ለመማሪያ ቤቱ ይሁን፤ የደወሉን ቤት የሚሠሩት ፊደል የቈጠሩት ልጆች ይሆናሉ። ይህን በመለወጤ የሚቀየሙኝ ወዳጆች ቢኖሩ፥ ይቅር እንዲሉኝ እለምናለሁ።

ከዚያ ጉዞ ወዲህ የልጅ ልጄ ቅዳሜ ቅዳሜ ወደ ዲያቆኑ ዘንድ ትመጣለች። ባለፈው ወር ስሟን በገዛ እጇ ጽፋ ለመነኩሴው በፖስታ ላከች። አንዲቱን ፊደል ገልብጣ ጽፋት ነበር፤ እንዳለች ትሂድ ብዬ አላረምኋትም።

እግዚአብሔር ደብራችንን ይጠብቅልን፤ 50ኛውን ዓመት ለማክበር ልጆቻችንን ያድርስልን። አሜን።